ልጄ የአባቱን ቀበቶ ሳፋ ውስጥ ዘፈዘፈው

ጥያቄ፦

ጤና ይስጥልኝ፤ የምጽፍልዎ ከደብረ ብርሃን ነው። ባለቤቴ በጅቡቲ መስመር ከባድ መኪና ስለሚያሽከረክር በወር ሁለት ሦስት ጊዜ ቢያድር ነው። የ15 ዓመት ወንድ ልጅና የ9 ዓመት ሴት ልጅ አሉን። ወንዱ ባሕር በዓይኑ አይቶ አያውቅም፤ ሆኖም ከዓመት ወዲህ የሚያነበው ሁሉ ስለ መርከብ መስጠም፣ በበረዶ ስለ መታገትና ያልታወቀ አገር ፍለጋ ወጥተው ስለቀሩ ሰዎች ነው። ባለፈው ሳምንት የአባቱን የቆዳ ቀበቶ ሳፋ ውስጥ ዘፍዝፎት አገኘሁ። ምን መሆኑን ስጠይቀው «የማጄላን መርከበኞች ቆዳ አራት አምስት ቀን ባሕር ውስጥ ዘፍዝፈው በልተዋል፤ ይለሰልስ እንደሆነ ልይ ብዬ ነው» አለኝ። መጀመሪያ ሳቄ መጣ። ማታ ግን ከትራሱ ሥር ያለውን መጽሐፍ ገልጬ ሳነብ፣ የተራቡ መርከበኞች የሞቱ ጓደኞቻቸውን ሥጋ የበሉበት ገጽ ላይ ደረስኩና እንቅልፍ ሳይወስደኝ ነጋ። ግድግዳው ላይ ደግሞ ሻክልተን የሚባል ሰው ሥዕል ለጥፎ «አንድም ሰው ያልሞተበት አዛዥ» ይለዋል። ባለቤቴ «ክረምት ላይ ጅቡቲ ወስጄ ባሕሩን አሳየዋለሁ» ሲል እኔ እሳት ላይ ጭድ መጨመር መስሎ ታየኝ። መጽሐፎቹን ልደብቅበት? የሚያነበውስ እውነት ነው ወይ? ቀበቶውስ ይድን ይሆን?

መልስ፦

የተከበሩ እኅታችን፣ ቀበቶውን ለመጨረሻ አቆይተን ከዋናው ጥያቄ እንጀምር፤ መጽሐፎቹን አይደብቁበት። ያነበበውን ነገር ዝም ብሎ ከመዋጥ ይልቅ ሳፋ ውስጥ ዘፍዝፎ ለማረጋገጥ የተነሣ ልጅ፣ ብዙ አዋቂ አንባቢዎች የሌላቸውን ጠባይ ይዟል። የጎደለው ነገር ቢኖር ሁለተኛ ምስክር ነው። ከደብዳቤዎ እንደተረዳሁት የሚያነበው በአብዛኛው ከጉዞው በሰላም የተመለሰው ሰው፣ ያውም መጽሐፍ ለማሳተም አቅም የነበረው ሰው ያወራውን ነው። የባሕር ጉዞ ታሪክ ደግሞ ከሌላው ታሪክ ይልቅ ለአንድ ወገን ምስክርነት የተጋለጠ ነው፤ ውቅያኖስ መሐል ጎረቤት የለም፣ የተካደውን የሚያጋልጥ መንገደኛ አያልፍም፣ የሞተውም ተመልሶ አይናገርም።

ቀበቶውን ያስዘፈዘፈው ታሪክ ራሱ ጥሩ ምሳሌ ነው። ነገሩን የጻፈው አንቶኒዮ ፒጋፌታ የተባለ ጣሊያናዊ ነው። ይህ ሰው በ1519 (ዘመኑን ሁሉ የምጠቅሰው እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ነው) የጉዞው መሪ ከነበረው ከማጄላን ጋር ከስፔን ተነሥቶ፣ አምስት መርከቦች ከወጡበት ጉዞ በ1522 ቪክቶሪያ በተባለችው አንዲት መርከብ ከተመለሱት 18 ሰዎች አንዱ ነበር። ሰላማዊ ውቅያኖስን ሲያቋርጡ ሦስት ወር ከ20 ቀን ያልቆየ፣ አዲስ ምግብ እንዳልቀመሱ፣ ብስኩቱ ትል የፈላበት ብናኝ ሆኖ የአይጥ ሽንት ይሸት እንደነበር፣ አንዲት አይጥ በግማሽ የወርቅ ዱካት ትሸጥ እንደነበር ይነግረናል። ሸራውን የሚሸከመው አግዳሚ እንጨት ገመዶቹን እንዳይፈትግ የተለበጠበትን የበሬ ቆዳ ሳይቀር አውልቀው፣ ፀሐይና ነፋስ ድንጋይ አድርጎት ስለነበረ አራት አምስት ቀን ባሕር ውስጥ ከነከሩት በኋላ ፍም ላይ አድርገው እንደበሉትም ጽፏል። ይህን የሚያህል ዝርዝር የሚያይ ዓይን የነበረው ሰው ግን፣ ያቺን መርከብ መርቶ አገሯ ያስገባውን አዛዥ፣ ሁዋን ሴባስቲያን ኤልካኖን፣ በመጽሐፉ ውስጥ አንድ ጊዜ እንኳ በስሙ አይጠራውም። ኤልካኖ በ1520 በማጄላን ላይ ካመፁት አንዱ ነበር፤ ፒጋፌታ ደግሞ እስከ መጨረሻው የማጄላን ሰው ነበር። የአይጥን ዋጋ ሳይረሳ የጻፈ ሰው የአዛዡን ስም ዘነጋ ብሎ የሚያምን ያለ አይመስለኝም።

ስለዚህ «እውነት ነው ወይ?» ለሚለው ጥያቄዎ መልሴ፣ ቆዳው እውነት ነው፣ ርሃቡም እውነት ነው፣ የተዘለለው ግን ከተጻፈው የማይተናነስ ነገር ይናገራል የሚል ነው። ልጅዎ ስለ ማጄላን ጉዞ ሌላ የሚያነብ ከሆነ ኤንሪኬ የሚባለውን አስተርጓሚ ይፈልግ። ማጄላን ማላካ (ዛሬ ማሌዥያ ውስጥ ያለች ከተማ) ላይ ባሪያ አድርጎ የወሰደው ይህ ሰው በኑዛዜው መሠረት ጌታው ሲሞት ነፃ መውጣት ነበረበት። ማጄላን በሚያዝያ 1521 በማክታን ደሴት ሲገደል ግን የተተኩት አለቆች ነፃነቱን እንደከለከሉት የጻፈው ፒጋፌታ ራሱ ነው። ኤንሪኬ በገዛ ብዕሩ የተወው አንድም መስመር የለም። እሱ ቢጽፍ ኖሮ ምን ይል ነበር ብሎ አንድ ገጽ ለመጻፍ መሞከር፣ ለ15 ዓመት ልጅ ከቀበቶው የሚበልጥ ሙከራ ነው።

ወደ ግድግዳው ሥዕል እንምጣ። የአንታርክቲካን የበረዶ አህጉር አሳሽ ሻክልተንን መውደዱ አያስደንቅም። ኢንዱራንስ የተባለችው መርከቡ በጥር 1915 ከአንታርክቲካ ዳርቻ በዌደል ባሕር በረዶ ውስጥ ተቀርቅራ፣ ከወራት በኋላ ተጨፍልቃ በኅዳር ሰጠመች፤ 28ቱ ሰዎች በሚንሳፈፍ በረዶ ላይ ድንኳን ተክለው ወራት ኖሩ፤ ኋላም በትንንሽ ጀልባዎች ኤለፋንት ወደተባለው ባድማ ደሴት ደረሱ። ከዚያ ሻክልተን አምስት ሰዎች አስከትሎ፣ ሰባት ሜትር በማትሞላ ጀልባ፣ በዓለም ላይ ማዕበሉ ከከፋ ባሕር አንዱን 1,300 ኪሎ ሜትር ያህል አቋርጦ ደቡብ ጆርጂያ የተባለው ደሴት ገባ። የቀሩትን 22 ሰዎች ሦስት ጊዜ ሞክሮ ከከሸፈበት በኋላ፣ በነሐሴ 1916 በአራተኛው፣ በቺሊ መንግሥት መርከብ ሄዶ ሁሉንም በሕይወት አወጣቸው። ይህን አንብቦ ልቡ የማይነሣ ሰው የለም፤ የእኔም ተነሥቶ ያውቃል።

ነገር ግን «አንድም ሰው ያልሞተበት» የሚለው እውነት የሚሆነው ግማሹን ጉዞ ብቻ ስንቆጥር ነው። ሻክልተን አህጉሩን ከዳር እስከ ዳር ለማቋረጥ ሲነሣ ሁለት ቡድን ነበረው። ሁለተኛው በአህጉሩ ማዶ፣ በሮስ ባሕር በኩል ወርዶ፣ አቋራጮቹ ሲደርሱ የሚበሉትን ስንቅ በየርቀቱ እያኖረ መጠበቅ ነበረበት። የዚህ ቡድን መርከብ በግንቦት 1915 ማዕበል ገመዷን በጥሶ ሲወስዳት አሥር ሰዎች ያለ በቂ ልብስና ምግብ የብስ ላይ ቀሩ። እነዚህ ሰዎች፣ የሚጠብቋቸው መንገደኞች ጉዞ ሳይጀመር መቅረቱን ሳያውቁ፣ ከቫይታሚን ሲ እጥረት የተነሣ ድዳቸው እያበጠ፣ እግራቸው እየጠቆረ ስንቁን እስከ መጨረሻው ቦታ ወስደው አኖሩ። ማንም አልመጣም። ከመካከላቸው ሦስቱ፣ ስፔንሰር ስሚዝ፣ ማኪንቶሽና ሄይዋርድ፣ በ1916 ሞቱ። ለሻክልተን ፍርድ መስጠት ካለብን ደግሞ በትክክል እንስጥ፤ እሱ ራሱ በጥር 1917 የተረፉትን ሰባቱን ለማውጣት በሄደችው መርከብ ላይ ነበር፣ ስለ ሟቾቹም በመጽሐፉ ጽፏል። ቁጥሩን ያሳጠሩት በኋላ የመጡት፣ ጀግናው እንከን የለሽ እንዲሆንላቸው የፈለጉ ተራኪዎች ናቸው።

ልጅዎ ሥዕሉን እንዲያወርድ አይንገሩት። ይልቅ በጎኑ የሌላ ሰው ሥዕል ይጨምርበት፤ የመርከቡን አናጢ፣ ሃሪ ማክኒሽን። ያቺ ትንሽ ጀልባ ውቅያኖሱን የተሻገረችው ይህ ሰው ጎኗን በተራረፈ ሳንቃ ከፍ አድርጎ፣ በሣጥን ክዳንና በሸራ ከላይ ከድኖ፣ ስንጥቋን በፋኖስ ክር፣ በሠዓሊው የዘይት ቀለምና በባሕር እንስሳ ደም ስለደፈነላት ነው። ማክኒሽ ቀደም ሲል በረዶው ላይ «መርከቢቱ ከጠፋች ውላችንም አብሮ ፈርሷል» ብሎ ከአዛዡ ጋር ተጋጭቶ ነበር። ጉዞው ሲያበቃ ለአብዛኞቹ የዋልታ ሜዳልያ ሲሰጥ ከተነፈጉት አራት ሰዎች አንዱ ሆነ፤ በ1930 ኒውዚላንድ ውስጥ በድህነት ሞተ። እሱን ግን ሜዳልያው አልነበረም የሚያንገበግበው። በረዶው ላይ ስንቅ ሲያጥር ሻክልተን ያስገደላት ድመቱ ነበረች፤ በ2004 መቃብሩ ላይ የዚያች ድመት የነሐስ ምስል ተቀመጠ። የ9 ዓመት ሴት ልጅዎ ከዚህ ሁሉ ታሪክ የምትወደው ይህን እንደሚሆን እገምታለሁ።

አሁን እንቅልፍ ወደነሣዎ ገጽ ልምጣ። መጽሐፉን ስም ባይጠቅሱልኝም፣ ይህ ነገር በብዛት የሚነሣው ስለ ኤሴክስ ሲወራ ስለሆነ ስለ እሱ ልንገርዎ። ኤሴክስ ከአሜሪካ ናንተኬት ደሴት የወጣች የዓሣ ነባሪ ማደኛ መርከብ ነበረች። በኅዳር 20 ቀን 1820 በሰላማዊ ውቅያኖስ መሐል አንድ ግዙፍ ዓሣ ነባሪ ሁለት ጊዜ በግንባሩ መትቶ ሰበራት። 20 ሰዎች በሦስት ጀልባዎች ወጡ፤ ሦስት ወር ያህል ተንከራትተው፣ በመንገድ አንድ ባድማ ደሴት ላይ የቀሩትን ሦስቱን ጨምሮ፣ የተረፉት ስምንት ብቻ ናቸው። በጀልባዎቹ የነበሩት የተረፉት የሞቱትን በልተው ነው፤ በአንደኛው ጀልባ ዕጣ ተጥሎ አንድ ወጣት ተገድሏል። ነገሩ ዘግናኝ ነው፣ ዘግናኝ መሆኑንም ልጅዎ ያውቃል፤ ከትራሱ ሥር ያኖረው ስለሚያውቅ ነው። በ15 ዓመቱ ይህን ማንበቡ ነውር የለበትም፤ ብቻውን፣ በሌሊት፣ የሚያወራው ሰው ሳይኖር ማንበቡ ግን ደግ አይደለም። መጽሐፉ ከትራስ ሥር ወጥቶ መደርደሪያ ላይ ይቀመጥ፣ ታናሽ እኅቱ የማትደርስበት ከፍታ ላይ። እርስዎም ያንን ገጽ ማንበብዎን አይሸሽጉት፤ «አንብቤው እንቅልፍ አጣሁ፣ አንተስ?» ብለው ቢጠይቁት ከቁጣው ይልቅ ያስደነግጠዋል፣ ያናግረዋልም።

ስታወሩም በሥጋው ላይ ብቻ አትቁሙ። የኤሴክስን ታሪክ በመጀመሪያ፣ በ1821፣ ያሳተመው የመርከቡ የበላይ መኮንን ኦወን ቼዝ ነው። ከመቶ ዓመት በላይ ዓለም የሚያውቀው ይህን ምስክርነት ነበር። በ1960 ግን በአንድ ቤት ጣሪያ ሥር የተቀመጠ አሮጌ ደብተር ተገኘ፤ የጻፈው ቶማስ ኒከርሰን ነው፣ መርከቢቱ ስትመታ የ15 ዓመት ልጅ ሆኖ መሪዋን ይዞ የነበረው። ልብ ይበሉ፣ የልጅዎ እኩያ ነው። ካረጀ በኋላ በጻፈው በዚህ ደብተር፣ ቼዝ ከመጀመሪያው ምት በኋላ ዓሣ ነባሪውን በጦር የመውጋት ዕድል አግኝቶ እንደነበር፣ የእንስሳው ጅራት ከመርከቡ መሪ አጠገብ ስለነበረ ግን መሪውን ይሰብራል ብሎ እንደተወው ይናገራል። ቼዝ ይህን በመጽሐፉ አላነሣውም። ካፒቴኑ ነፋሱ ወደሚወስዳቸው ወደ ታሂቲ ደሴቶች ለመሄድ ፈልጎ ሳለ፣ መኮንኖቹ «በዚያ ሰው በላዎች አሉ» ብለው ፈርተው ወደ ሩቁ ደቡብ አሜሪካ እንዳዞሩትም የሚነግረን ይኸው ልጅ ነው። የፈሩት ነገር በራሳቸው እጅ ደረሰባቸው። ሌላም ነገር አለ፤ ከ20ዎቹ መካከል የነበሩት ጥቁር መርከበኞች አንድም ሳይቀር አልቀዋል። ለምን እነሱ ቀድመው እንደደከሙ፣ ከአደጋው በፊት ማን ምን ይበላ እንደነበር፣ ልጅዎ በራሱ ይመርምረው። በሰው ሥጋ መብላት የተደናገጠ አእምሮ ይህን ጥያቄ ሲያነሣ ድንጋጤው ወደ ማሰብ ይለወጣል።

እዚህ ላይ ጎረቤት ቢጠይቅዎ ኖሮ «የባሕር በር የሌለው አገር ልጅ በፈረንጅ መርከብ ምን አገባው?» ማለቱ አይቀርም ነበር። ለዚያ ሰው የምነግረው አለኝ። አውሮፓውያን ወደማያውቁት ባሕር ከወጡባቸው ምክንያቶች አንዱ እኛው ነን። የፖርቱጋሉ ንጉሥ ዳግማዊ ዡዋዎ «ቄሱ ዮሐንስ» እያሉ የሚጠሩትን የክርስቲያን ንጉሥ አገር ፍለጋ በ1487 ባርቶሎሜው ዲያስን በባሕር በአፍሪካ ደቡብ ጫፍ በኩል፣ ፔሮ ዳ ኮቪልያን ደግሞ በግብፅና በቀይ ባሕር በኩል ላከ። ዲያስ ጫፉን ዞሮ ተመለሰ። ኮቪልያ ሕንድን አይቶ፣ ብዙ አገር ዞሮ ኢትዮጵያ ገባ፤ ርስትና ሚስት ተሰጠው፣ እንዲወጣ ግን አልተፈቀደለትም። በ1520 በምጽዋ የወረደው የፖርቱጋል መልእክተኞች ቡድን ወደ ዐፄ ልብነ ድንግል ቤተ መንግሥት ሲደርስ፣ ከ25 ዓመት በላይ የተቀመጠውን ይህን ሰው እዚያው አገኘው። ታሪኩን የጻፈው የቡድኑ ቄስ ፍራንሲስኮ አልቫሬዝ ነው፤ መጽሐፉ በ1540 ሊዝበን ታትሟል።

አልቫሬዝ ደግ ተመልካች ነው፤ ቢሆንም እሱም አንድ ምስክር ነው። የእሱን ሁለተኛ ምስክር የምናገኘው ከእኛው ሰው፣ ከጸጋ ዘአብ ነው። ይህ ኢትዮጵያዊ መነኩሴ የልብነ ድንግል መልእክተኛ ሆኖ በ1526 ከአልቫሬዝ ጋር ከምጽዋ መርከብ ተሳፈረ፤ በሕንድ ዞሮ በ1527 ሊዝበን ገባ። እዚያ የጠበቀው ክብር ብቻ አልነበረም፤ የሃይማኖት ሊቃውንት ስለ እምነቱ ሲመረምሩትና ሲሟገቱት ኖረ፣ ቅዱስ ቁርባንም ተከለከለ። ምሬቱንና ስለ ኢትዮጵያ ቤተ ክርስቲያን እምነት የሰጠውን መልስ በጽሑፍ አሰፈረ፤ ዳሚያው ዴ ጎይስ የተባለ ፖርቱጋላዊ ሊቅ ያንን በላቲን መልሶ በ1540፣ የአልቫሬዝ መጽሐፍ በታተመበት በዚያው ዓመት፣ አሳተመው። እነሱ መጥተው እኛን እንዳዩን የጻፉትን፣ እኛም ሄደን እንዴት እንደታየን የጻፍነውን ጎን ለጎን ማንበብ ይቻላል። የባሕር ጉዞ መጽሐፍ የሚወድ የደብረ ብርሃን ልጅ ጸጋ ዘአብን ሳያውቅ ማጄላንን ብቻ ቢያውቅ የሚያሳዝነኝ ለዚህ ነው።

በተግባር የምመክረው ጥቂት ነው። ለእያንዳንዱ ጉዞ ሁለት ጸሐፊ ይፈልግ፤ ሁለተኛው ጸሐፊ ባይገኝ፣ ማን ሊጽፍ ይችል እንደነበር በደብተሩ ያስፍር። የዓለም ካርታ ይግዙለትና ከሥዕሉ ጎን ይስቀለው፤ ያለ ካርታ የሚነበብ የባሕር ጉዞ ግማሹ ይጠፋል። የሌሊቱን ንባብ በሰዓት ይገድቡት፣ ስልኩም ሳሎን ይደር። ወደፊት የመርከብ ሥራ ቢመኝ ደግሞ አይሳቁበት፤ ባሕር ዳር ሠልጥነው ዛሬ በውጭ መርከቦች ላይ በመሐንዲስነት የሚሠሩ ወጣት ኢትዮጵያውያን አሉ። ስለዚያ ለመነጋገር ጊዜ አላችሁ።

ስለ ጅቡቲው ጉዞ ከባለቤትዎ ጋር ነኝ፤ ወቅቱ ላይ ግን አይደለሁም። በሐምሌና በነሐሴ ጅቡቲ ላይ ሙቀቱ ከ40 ዲግሪ ስለሚያልፍ ልጁ ከባሕሩ ይልቅ የሚያስታውሰው ላቡን ይሆናል። በጥር መጨረሻ፣ ትምህርት ቤት በሴሚስተሮቹ መካከል ሲዘጋ ቢሄዱ ይሻላል፤ ድንበር ስለሚሻገርም ሰነዱ አስቀድሞ ይዘጋጅ። ልጁ ከደብረ ብርሃን እስከ ወደቡ ድረስ እንደ መርከበኛ የዕለት መዝገብ ይያዝ፤ ቀኑን፣ ሰዓቱን፣ የቆሙበትን ቦታ፣ ነፋሱን፣ የበሉትን፣ ያገኟቸውን ሰዎች ይጻፍ። ሲመለሱ የልጁን መዝገብ እርስዎ ያንብቡ፤ ከዚያ ባለቤትዎን ለብቻ ቁጭ አድርገው ያንኑ ጉዞ በቃል ያስተርኩ። ሁለቱ የሚለያዩበት ቦታ መኖሩ አይቀርም፣ ምናልባትም ምሳ የት እንደበሉ ሳይቀር። ያን ጊዜ ስለ ፒጋፌታና ስለ ኤልካኖ የነገርኩዎትን እርስዎ ሳይሆኑ ልጅዎ ራሱ ያስረዳዎታል።

ቀበቶው ይድናል። ፀሐይ ላይ ወይም ምድጃ አጠገብ አያስጡት፣ ይሰነጣጠቃል፤ ውኃውን በጨርቅ አድርቀው፣ ዘርግተው፣ ነፋስ በሚያገኘው ጥላ ሁለት ሦስት ቀን ይተዉት። ትንሽ እርጥበት ሲቀረው ቫዝሊን ወይም የጫማ ቅባት በስሱ ይቀቡት፣ ሲደርቅም ይድገሙት። ይህን ሁሉ አድርገው እንኳ እንደ እንጨት ቢደርቅ፣ ፒጋፌታ ከጻፈው የቀረው ፍም ላይ ማኖር ብቻ ስለሆነ፣ ከልጁ ያርቁት።